የቪትዟ ሰላምታ

ከኮዬ ኮንዶሚኒየም፣ ከብሎክ ሰማንያ ሦስት፣
አራት ፎቅ በደረጃ ወርጄ በሌሊት፣
ቁልፉን ሳዞርላት ቪትዟ ጉሮሮዋን ጠርጋ
በሴት ድምፅ ትለኛለች፣ ቱሉ ዲምቱ ሳይነጋ፦
«ኦሃዮ ጎዛይማስ።»

ሁለት ዓመት ሙሉ ስድብ ይሁን ምርቃት
ሳልለይ ሰማኋት።
«ዘይት ጎደለኝ» ማለቷ ይሆናል ብዬም
ክዳኑን ከፍቼ አየሁ፤ የጎደለ የለም።
ካርታዋም እንደ አፏ አገሯን አልረሳም፤
ቂሊንጦን አታውቅም፣ ቃሊቲን አታውቅም።
እኔ በኮረኮንቹ አቧራ ለብሼ ስሄድ
ስክሪኗ ላይ አንዲት ቀስት ባሕር መሐል ስትነጉድ፣
ወደብ በሌለው አገር
እንዲህ ያለ መርከብ ከእኔ በቀር ማን ነዳ?

አንድ ቀን ጡረተኛው ቀያሽ፣ አቶ ጉደታ ዋቅጅራ፣
ገቡ ለዓይን ቀጠሮ፣ ከከዘራቸው ጋራ።
ድምፅዋን ሲሰሙ ባርኔጣቸውን አነሱ፤
ከተቀመጡበት ለዳሽቦርዱ እጅ ነሱ።
ለካስ በጉብዝናቸው፣ ድልድይ ላይ ሲሠሩ፣
ሦስት ክረምት ከጃፓኖች ጋር ነው የኖሩ።

«እኛ 'እንዴት አደርሽ' ብለን ሌሊቱን እንመረምራለን፤
እነሱ ሌሊቱን አይነኩትም።
'ማለዳ ነው' ነው የምትልሽ፣ ቀድመሽ ተነሣሽ እንደ ማለት።
ለእኩያሽ 'ኦሃዮ' ይበቃል፤
ለአለቃሽ ግን ጅራቱን አትቁረጪ፣ ጎንበስም በይበት።
ቀን ላይ 'ኮኒቺዋ'፦
'ዛሬማ...' ብሎ ማቆም ነው፣ የቀረውን ሰሚው ይሙላው።
'ሳዮናራ'ን ግን ቆጥቢው፤
ነገ ለምታገኚው ሰው አይባልም።»

ቃሊቲ ላይ መንገዱ ተዘጋ። ከፊታችን ሲኖትራክ፣ ከኋላችን ጥሩምባ።
እሳቸው ግን ገና መሞቃቸው ነበር፦
«ከቤት ስትወጪ 'ኢተኪማስ'፣ ሄጄ እመጣለሁ ነው።
እናቴ 'ሄድኩ' ስላት ትቆጣ ነበር፤
'ደርሼ መጣሁ በል፣ የሄደማ ሄደ!'
ቤት የቀረው 'ኢተራሻይ' ብሎ ይሸኛል።
ማታ በሩ ላይ 'ታዳይማ' ትያለሽ፤
ከውስጥ 'ኦካኤሪ' ይሉሻል።»

እኔ ቤት የሚቀረው
የውሃ ጀሪካን ነው፣
ከላዩ የተደፋ ኩባያ።
ይህን አልነገርኳቸውም። ማርሽ አስገባሁ።

ሊወርዱ ሲሉ፣ አንድ እግራቸው አስፋልቱ ላይ፣
«ማታ ስታጠፊያትስ ምን ትልሻለች?» አሉኝ።
እንደሚሆን እንደሚሆን አድርጌ አጉረመረምኩ።
«ኦትሱካሬሳማ ዴሽታ!
ይህቺ በሥራ ለዋለ ሰው ናት።
ድካምሽን 'አንቱ' እንደ ማለት።»

ያን ማታ ሞተሩን አጥፍቼ
ሳልወርድ ብዙ ቆየሁ።

ሐምሌ ላይ ባትሪው ሞተ።
መካኒኩ ኦብሳ፣ የገላኑ፣ አዲስ ሲያስርላት
ስክሪኗ የይለፍ ቁጥር ጠየቀ፤ ማን ይወቅላት?
ዝም አለች።
«ልንቀላትና አንድሮይድ ልግጠምልሽ፣
ዘፈን አለው፣ ካርታ አለው፣ ኮዬን ያሳይሻል።»
ተዋት አልኩት። ኮዬንማ አውቀዋለሁ።

አሁን ሌሊት ቁልፉን ሳዞር
የሚሰማው የመጥረጊያው ጎማ ነው፣ መስታወቱን ሲፍቅ።

ትናንት ከምሽቱ አምስት ሰዓት ላይ፣ ዝናብ፣
ሰርቪስ ያመለጣት አንዲት ልጅ ከቂሊንጦ ጫንኩ፤
ጣቶቿ መርፌ የበላቸው፣
ጫማዋን አውልቃ ጉልበቷ ላይ የያዘች፣
ወንበሬን ጭቃ እንዳይነካው።
ብሎኳ ጋ ስንደርስ ብሯን ሁለቴ ቆጥራ ሰጠችኝ።
አፌ ቀደመኝ፦
«ኦትሱካሬሳማ ዴሽታ።»

የምን ቋንቋ ነው አላለችም።
«አሜን» አለች፣
በሩንም ቀስ አድርጋ ዘጋችው።